ለልጃችን የግሪክ ስም ስናጣራ

«ቴያ» የሚለውን ስም ያገኘሁት ሌሊት ነው። እርግዝናዬ ስድስተኛ ወሩን ይዟል፤ ጎኔ አላስተኛ ሲለኝ ስልኬን ከፍቼ የሕፃናት ስም ዝርዝር አገላብጣለሁ። «ቴያ፤ የግሪክ ስም፤ ትርጉሙ እንስት አምላክ» ይላል። ትርጉሙ ላይ ብዙ አልቆምኩም። አጭር መሆኑን ወደድኩ፤ እናቴም በስልክ ሳትቸገር ትጠራዋለች ብዬ አሰብኩ። ባለቤቴን ቀስቅሼ ነገርኩት፤ በእንቅልፍ ልቡ «ጥሩ ነው» ብሎኝ ተመልሶ ተኛ።

የግሪክ ስም የፈለግነው በምክንያት ነው። የምንኖረው አቴንስ፣ ኪፕሴሊ በሚባለው ሰፈር ነው። እኔ ከመጣሁ ስምንት ዓመት ሆኖኛል። ስሜ ውስጥ «ጽ» አለ፤ በዚህ ሁሉ ዓመት አስተካክሎ የጠራኝ ግሪክ አላጋጠመኝም፤ አንዳንዱ ጭራሽ ስሜን ትቶ «አንቺ ልጅ» ይለኛል። ልጄ እዚሁ ተወልዳ እዚሁ ትምህርት ቤት ስትገባ፣ መምህሯ ስም እየጠራች እሷ ላይ ስትደርስ እንድትደናቀፍ አልፈለግኩም። አገር ቤት ስትሄድ ደግሞ አያቷ ስሟን የሚያስተካክልላቸው ሰው እንዲፈልጉ አልፈለግኩም። ስለዚህ ሁለቱም ወገን ያለ ችግር የሚጠራው ስም ነበር ፍለጋችን።

በማግስቱ ሥራ ገባሁ። የምሠራው አንዲት የ84 ዓመት አዛውንት ዘንድ ነው፤ እጦራቸዋለሁ። በደኅናው ዘመን አስተማሪ ነበሩ። «ያያ» እላቸዋለሁ፤ በግሪክኛ አያቴ እንደ ማለት ነው። ቡናቸውን አቅርቤ፣ ደስታዬን መሸከም አቅቶኝ፣ «ያያ፣ ቴያ!» አልኳቸው። አንገታቸውን ወደ መስኮቱ መለስ አድርገው «የምን ቴያ? ምን ይታያል?» አሉኝ።

ያን ጠዋት ቡናው እስኪቀዘቅዝ አስተማሩኝ። ግሪክኛ ውስጥ እያንዳንዱ ቃል ድምፅ ጫን የሚልበት ቦታ አለው፤ ቦታው ሲዛወር ቃሉ ሌላ ይሆናል። «ቴ» ላይ ጫን ከተባለ፣ ከመስኮት ወይም ከኮረብታ ላይ ሆኖ የሚታይ እይታ ነው፤ የኪራይ ቤት ማስታወቂያ «ባሕር የሚታይበት» ለማለት የሚጽፈው ይህንኑ ቃል ነው። መጨረሻው ላይ ጫን ከተባለ ያ ዝርዝሩ ያለው እንስት አምላክ ይሆናል። መጀመሪያው ወደ «ቲ» ተለውጦ «ቲያ» ሲባል ደግሞ አክስት ነው። እኔ የጠራሁት እይታውን ነው። ለዚያ ነው መስኮቱን ያዩት።

ለአማርኛ ተናጋሪ ይህ ባዕድ ነገር አይደለም። «ገና» ተብሎ ሲጻፍ በዓሉ ነው ወይስ «ገና አልደረሰም» የሚለው? «ዋና» ተብሎ ሲጻፍ አለቃው ነው ወይስ ውኃ ውስጥ የሚዋኘው? ፊደሉ አይለየውም፤ ማጥበቅና ማላላቱን ጆሯችን ነው የሚያውቀው። ግሪኮች ግን የራሳቸውን ነገር ይጽፉታል፤ ጫን በሚባለው አናባቢ ላይ ትንሽ ሰረዝ ያደርጋሉ። በ1982፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር፣ ጥንት ከአናባቢ በላይ ይደረደሩ የነበሩት ልዩ ልዩ ምልክቶች ሲቀሩ ይህችን ሰረዝ ይዘዋት ቀጠሉ። ችግሩ ስሙ በላቲን ፊደል ሲገለበጥ ሰረዟ ትጠፋለች። በግሪክኛም ቢሆን ሁሉም በትልልቅ ፊደል ከተጻፈ አትደረግም፤ ፎርም ደግሞ ብዙ ጊዜ የሚሞላው በትልልቅ ፊደል ነው። ስለዚህ የግሪክ ስም ያማራችሁ እንደሆነ፣ ትርጉሙን ከማንበባችሁ በፊት ስሙን በራሱ በግሪክ ፊደል፣ በትንንሹ፣ ከነሰረዙ ተጽፎ ፈልጉት። ሰረዟን ካያችኋት የአጠራሩ ግማሽ ሥራ አለቀ።

ሌላው ደግሞ እኔ እዚህ «ቴ» ብዬ የጻፍኩት የእኛ «ቴ» አለመሆኑ ነው። የእንግሊዝኛውን ምስጋና አንዳንዶቻችን «ታንክ ዩ»፣ አንዳንዶቻችን «ሳንክ ዩ» የምንለው፣ ያ ምላስ ጥርስ መካከል ገብቶ የሚወጣ ድምፅ በፊደላችን ስለሌለ ነው። ግሪክኛ «ቲታ» ብሎ የሚጠራው ፊደል ድምፁ እሱ ነው። ስሙ ውስጥ ይህ ፊደል ካለ፣ አገር ቤት ያሉት ዘመዶች ግማሾቹ በ«ተ»፣ ግማሾቹ በ«ሰ» እንደሚጠሩት አስቀድማችሁ እወቁት። እኔ ይህንን ካወቅኩ በኋላ «ቲታ» ያለባቸውን ስሞች በሙሉ ከዝርዝሬ ሰረዝኩ።

እስከዚያ ድረስ ግን አንድ ስም ብዙ ቀን አጓጉቶኝ ነበር፤ «አሊቲያ»። እውነት ማለት ነው። መዝገበ ቃላቱ ሲፈታው «ሊቲ» መርሳት፣ ከፊቱ ያለው «አ» ደግሞ አፍራሽ ነው፤ ያልተረሳ፣ ያልተሰወረ እንደ ማለት። እንዲህ ያለ ስም በእኛም ቋንቋ ያምራል ብዬ ልቤ ሞቀ። ያያን ስጠይቃቸው ግን በአርባ ዓመት አስተማሪነታቸው አንድም ተማሪ በዚህ ስም አላስተማሩም። ግሪክ ወሬ ሲነገረው «አሊቲያ?» ይላል፤ እኛ «እውነት?» እንደምንለው። አውቶቡስ ውስጥ፣ አትክልት ተራ፣ ስልክ ላይ፣ ቀኑን ሙሉ ይባላል። ልጅቱ በየደቂቃው የተጠራች እየመሰላት ስትዞር ታየኝ። ዝርዝሩ አልዋሸም፤ ቃሉ ግሪክኛ ነው፣ ትርጉሙም ትክክል ነው። ነገር ግን ከግሪክኛ የመጣ ቃል መሆንና ግሪኮች ልጃቸውን የሚጠሩበት ስም መሆን ለየቅል ናቸው። ሁለቱን ለየብቻ አጣሩ።

«ክሴኒያ» ላይ የሆነው ሌላ ነው። ዝርዝሩ «እንግዳ ተቀባይነት» ይላል። ያ ቃል ግን ጫን የሚባለው ወደ መጨረሻው ላይ ነው፤ የሴት ስም ሲሆን መጀመሪያው ላይ ነው፤ ብዙ ጊዜም «ፖሊክሴኒ» ለሚለው ረጅም ስም ማሳጠሪያ ነው። ያያ ይህን ስም ሲሰሙ መጀመሪያ ትዝ ያላቸው፣ በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ መንግሥት በየአውራጃው ያሠራቸው የቱሪስት ሆቴሎች ናቸው፤ ክሴኒያ ይባሉ ነበር። ሥሩ ላይ ያለው «ክሴኖስ» እንግዳም ነው፣ ባዕድም ነው፣ የውጭ አገር ሰውም ነው። ይህን ቃል እኔ ወረፋ ላይ ከኋላዬ ሲባል ሰምቼዋለሁ። ያያ «ቆንጆ ስም ነው፤ ማንም ክፉ አያስብበትም» አሉኝ፤ እውነታቸውን ነው፣ ክሴኒያ የሚባሉ ግሪኮች ሞልተዋል። ቢሆንም በቀን መቶ ጊዜ የምጠራው እኔ ነኝ፤ በጠራሁት ቁጥር ያ ወረፋ ትዝ ሊለኝ ነው። ተውኩት።

በዚህ መሀል ባለቤቴ፣ ሦስት ስም ስወድና ስጥል ዝም ብሎ ያየኝ፣ አንድ ምሽት «ለምን ይህን ያህል ትደክሚያለሽ? የእኛ የቤተ ክርስቲያን ስሞች እኮ ግሪክ ናቸው» አለኝ። ወረቀት አምጥተን ቁጭ አልን። እንዲያውም ከፍለጋው ሁሉ የጣፈጠኝ ያ ምሽት ነበር።

በ«ስ» የሚጨርሱትን ደረደርናቸው። «ስ» የግሪክ ወንድ ስም መድረሻ ነው፤ ስለዚህ «ስ» ካለበት ግሪክ ነው የሚል ነበር የባለቤቴ ሐሳብ። ሲጣራ ግን ግማሹ ብቻ ነው እውነት። ጊዮርጊስ በእርግጥ ግሪክ ነው፤ ምድርና ሥራ ከሚሉ ቃላት የተሠራ፣ ገበሬ ማለት። እስጢፋኖስ አክሊል፣ ጴጥሮስ ዐለት፣ መቃርዮስ ብፁዕ፣ ቴዎድሮስ የእግዚአብሔር ስጦታ፣ ቴዎፍሎስ እግዚአብሔርን የሚወድ። እነዚህ ሥራቸውም ቅርንጫፋቸውም ግሪክ ነው። ዮሐንስ፣ ኤልያስና ማቴዎስ ግን ዕብራውያን ናቸው፤ «ስ»ን ያገኙት በግሪክኛ በኩል ሲያልፉ ነው። ማርቆስና ጳውሎስ ደግሞ ከሮማውያን፣ ከላቲን የመጡ ናቸው። መድረሻው ስሙ በየት በኩል እንዳለፈ ይነግራችኋል፤ የት እንደተወለደ ግን አይነግራችሁም። የሕፃናት ስም ዝርዝሮችም የሚሳሳቱት እዚሁ ላይ ነው፤ ማሪያን፣ ኢዮአናን፣ ኤሊሳቬትን «የግሪክ ስም» ብለው ያስቀምጣሉ፤ ሦስቱም ዕብራይስጥ ናቸው። «ካቴሪና» ላይ «ንጹሕ» ብለው ያለ ማመንታት ይጽፋሉ፤ የቋንቋ ሊቃውንት ግን የዚያ ስም መነሻ ላይ እስካሁን አልተስማሙም። ትርጉም በአንድ ቃል፣ ያለ ምንም ማብራሪያ ተቀምጦ ስታዩ ሌላ ቦታም ፈልጉት።

«ጢሞቴዎስ» ላይ ስንደርስ ባለቤቴ ብዕሩን አቆመ። «ለምንድን ነው አንዱ ‹ጢ›፣ አንዱ ‹ቴ› የሆነው?» አለ። በማግስቱ ስሙን ለያያ በግሪክኛ አስጻፍኩት። በግሪክኛውም ሁለት የተለያዩ ፊደላት ናቸው፤ የመጀመሪያው «ታፍ»፣ ሁለተኛው «ቲታ»። ቅዱሳት መጻሕፍትን ከግሪክኛ ወደ ግእዝ የመለሱት አባቶች ሁለቱን ድምፆች ለይተው ሰምተው፣ አንዱን በ«ጠ»፣ ሌላውን በ«ተ» ጻፏቸው። ኤውስጣቴዎስ ውስጥም እንዲሁ ሁለቱም አሉ። ጰራቅሊጦስን ብታዩት «ጰ»፣ «ቀ» እና «ጠ» በሦስት የግሪክ ፊደላት ቦታ ገብተዋል። ይህ ግን ሁሉም ስም ላይ አይሠራም፤ ክርስቶስ ራሱ በ«ቶ» ነው የሚጻፈው። ቢሆንም እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ ስጠራው የኖርኩት «ጢ» የጥንት ግሪኮችን አፍ ይዞ መቆየቱን ሳውቅ ለያያ መንገሩ ኩራት ኩራት አለኝ። እሳቸውም ደስ ብሏቸው «ጢ»ን ለማለት ደጋግመው ሞከሩ።

በመካከሉ የግሪኮቹ አፍ ተለውጧል። ባስልዮስ የምንለውን ዛሬ «ቫሲሊዮስ» ይሉታል፤ ጊዮርጊስ የምንለው በሰፈር «ዮርጎስ» ነው። «ቤታ» ብለን የምናውቀው ፊደል ራሱ ስሙ «ቪታ» ሆኗል። የጥንቱ አጠራርና የዛሬው አጠራር ሁለት ናቸውና አንድ ሰው «ትክክለኛው የግሪክ አጠራር» ሲላችሁ የየትኛው ዘመን እንደሆነ ጠይቁት። ልጁ ከዛሬ ግሪኮች ጋር የሚኖር ከሆነ የዛሬውን ያዙ።

እንግዲህ በወረቀታችን ላይ አንድ የሴት ስም ከሁሉም ልቆ ታየ፤ እሌኒ። መስቀሉን ያስወጣችው ንግሥት፣ በየመስከረሙ ደመራ ስንደምር የምናስባት። ግሪኮች «ኤሌኒ» ይላሉ፤ ጫን የሚሉት «ሌ» ላይ ነው፤ ከእኛው እሌኒ ምን ያህል ይርቃል? ሄለን የሚለውም ስም ራሱ እሷው ናት፤ በምዕራባውያን በኩል ዞራ የመጣች። ግን የባለቤቴ ታላቅ እኅት እሌኒ ናት። በሕይወት ያለ የቅርብ ዘመድ ስም ማውጣት ለእኛ አይመችም። ያያ ይህን ሊረዱልኝ አልቻሉም፤ በእነሱ ወግ የመጀመሪያ ሴት ልጅ በአባቷ እናት ስም ትጠራለች፣ አያቲቱም በሕይወት እያለች ይህን እንደ ትልቅ ክብር ትቆጥረዋለች። አንድ ቤተሰብ ውስጥ አራት የአጎት ልጆች አንድ ስም የሚኖራቸው ለዚህ ነው።

ስሙን በመጨረሻ ያገኘሁት ደረጃ ላይ ነው። የምንኖርበት ሕንፃ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ያለች እናት ልጇን ወደ ታች ስትጠራ ሰማሁ፤ «ፊቪ! ፊቪ!» መጀመሪያው ጫን ያለ፣ መጨረሻው እንደ ወፍ ድምፅ ቀጠን ያለ። ቆሜ ሰማኋት። በሌላ ቀን ሳገኛት «የልጅሽ ስም ማን ነው?» አልኳት፤ «ኢ ፊቪ» አለችኝ። እኔም «ኢፊቪ» ብዬ ጽፌ ሦስት ቀን ስፈልግ ዋልኩ፤ ምንም የለም። ለካ ግሪኮች ከሰው ስም በፊት መስተአምር ያስቀድማሉ፤ ለሴት «ኢ»፣ ለወንድ «ኦ»። «ኢ ማሪያ መጣች» ይላሉ። ስም ስትጠይቁ ያችን ፊተኛ ድምፅ ነጥላችሁ ስሙ።

ያያ ሲጽፉልኝ በአምስት ፊደል ነው፤ ፊ፣ ኦሚክሮን፣ ዮታ፣ ቪታ፣ ኢታ። ከ«ፊ» ቀጥሎ ያሉት ሁለቱ ተደምረው ዛሬ «ኢ» ብቻ ይሰጣሉ። ግሪክኛ ይህን የ«ኢ» ድምፅ ከአምስት በሚበልጥ መንገድ ስለሚጽፈው፣ ስም ሰምቶ ብቻ አጻጻፉን ማወቅ አይቻልም፤ የግድ ማስጻፍ ያስፈልጋል። ጽሑፉን ሳገኝ ግን ነገሩ ተፈታ። እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች «ፊቢ» የሚሉት ስም ነው። ሥሩ ብሩህ፣ ንጹሕ የሚል ጥንታዊ ቃል ነው፤ የአፖሎም ቅጽል «ፊቮስ» የመጣው ከዚሁ ነው። በአፈ ታሪካቸው ፊቪ የአፖሎና የአርጤምስ አያት ናት።

ባለቤቴ ይህን ሲሰማ ፊቱ ጠቆረ። «የጣዖት ስም ለልጄ?» አለ። ንቄ አላለፍኩትም፤ የሚገባ ጥያቄ ነው፤ ብዙ አማኝ ወላጅ የሚጨነቅበት ነው። ለያያ ነገርኳቸው። ሣጥናቸውን አስከፍተው፣ ጠርዙ የተበላ አዲስ ኪዳን አወጡ። ግሪኮች በቤተ ክርስቲያን የሚያነቡት ያንኑ የመጀመሪያውን የግሪክኛ ጽሑፍ ነው፤ የሚያነቡት ግን በዛሬው አጠራር ነው። የሮሜ መልእክት ምዕራፍ 16፣ ቁጥር 1 ላይ አውጥተው፣ መነጽራቸውን አስተካክለው ጮክ ብለው አነበቡልኝ። «ሲኒስቲሚ ዴ ኢሚን ፊቪን…»

ፊቪን። በ«ን»። ጆሮዬ ቆመ። ከእኔ ጋር ስምንተኛ ክፍል አንድ ዴስክ ላይ የተቀመጠችው ልጅ ስም ፌቨን ነበር። በየመንደሩ ፌቨን አለች፣ ፌቤን አለች፤ ከየት እንደመጣ ጠይቄ አላውቅም። ያን ማታ የአማርኛውን መጽሐፍ ቅዱስ ገለጥን፤ ጳውሎስ ለሮሜ ሰዎች በክንክራኦስ ያለችውን የቤተ ክርስቲያን አገልጋይ፣ «እኅታችንን ፌቤንን» አደራ ይላል። ባለቤቴ ዝም ብሎ ደጋግሞ አነበበው። ቀጥሎ «ጳውሎስ ስሟን ካልለወጠው እኔ ማን ነኝ?» አለ። በዚያው ላይ የአቴንስ ጠባቂ ቅዱስ የሚባለውን የአርዮስፋጎሱን ዲዮናስዮስን አነሣንለት፤ የእሱም ስም ዲዮኒሶስ ከሚባለው የጥንት አምላክ የወጣ ነው፤ እሱም አልለወጠውም።

ስለዚያች «ን» ያያ ያስረዱኝን ልጨምር፤ አስተማሪ ናቸውና ሰዋስው ሲያገኙ አያልፉም። በጥንቱ ግሪክኛ ስም ተሳቢ ሲሆን መጨረሻው ላይ «ን» ይጨመርበታል፤ እኛ «ፌቤንን» ስንል እንደምንጨምረው ማለት ነው። ይህች ሴት ደግሞ በአዲስ ኪዳን ውስጥ በስሟ የተጠራችው እዚህች ቦታ ላይ ብቻ ነው፤ እሱም በተሳቢነት። ስሟን ያለ «ን» ያየ ተርጓሚ አልነበረም። ስለዚህ «ን» የስሙ አካል መስላ ወደ እኛ ተሻገረች፤ እኔ ከዚህ ሌላ ምክንያት አይታየኝም። እንዲህ ከሆነ እኛ «ፌቤንን» ስንል ሁለት ተሳቢ ደርበንላታል፤ አንዱ የግሪክ፣ አንዱ የራሳችን።

ስሙን ቆርጠን ከመያዛችን በፊት ግን በድምፅ ፈተንነው። ያያን፣ የሁለተኛ ፎቋን እናትና አንድ ጎረምሳ ጎረቤታችንን ስሙን ሁለት ሁለት ጊዜ አስጠርቼ በስልኬ ቀዳሁ፤ አንዴ ብቻውን፣ አንዴ ልጅ እንደሚጠሩ። ሰው ስም ተነጥሎ ሲጠየቅ ቀስ ብሎ፣ እንደ ትምህርት ቤት ያነበዋል፤ ሲጣራ ነው እውነተኛው የሚወጣው። ወንድ ልጅ ለምትሰይሙ ደግሞ ይህ ይበልጥ ያስፈልጋችኋል፤ ምክንያቱም ሲጠሩት መጨረሻው «ስ» ይወድቃል፤ «ዮርጎስ» ልጃቸውን «ዮርጎ!» ብለው ነው የሚጣሩት። ቅጂውን ለእናቴ ላክሁላት። «ፊቢ» አለች፤ «ቪ» አላስኬዳት አለ። «ፌቨን» ስላት ግን «እንዴ፣ ይህማ የእኛ ስም አይደል!» አለችኝ።

አጠገባችሁ እንደ ያያ ያለ ሰው ከሌለ፣ ዋሽንግተንም ሁኑ ቴል አቪቭ፣ ተስፋ አትቁረጡ። ፎርቮ በሚባለው ድረ ገጽ ላይ የቋንቋው ተወላጆች ቃላትን በድምፃቸው ያስቀምጣሉ፤ ስሙን በግሪክ ፊደል አስገቡና ከአንድ በላይ ሰው ስሙ። የሥሩን ትርጉም ለማየት ሊድልና ስኮት የጀመሩት ትልቁ የጥንት ግሪክኛ መዝገበ ቃላት በነፃ ይገኛል። ስሙ በጥንት ዘመን በእርግጥ ሰዎች ይጠሩበት እንደነበር፣ ወይስ ተረት ውስጥ ብቻ ያለ እንደሆነ ማወቅ ከፈለጋችሁ፣ ኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ከ1972 ጀምሮ በድንጋይ ላይ ጽሑፍና በመሳሰለው የተገኙ የሰው ስሞችን ሲሰበስብ የኖረበት መዝገብ አለ። ሌላው ቀላሉ መንገድ የግሪክ ስም ቀን መቁጠሪያ ነው። ግሪኮች ከልደታቸው ይበልጥ የስማቸውን ቀን ያከብራሉ፤ ስሙ በየትኛው ቅዱስ ቀን እንደሚውል ካገኛችሁት ሕያው ስም ነው። ቅዱስ የሌለው ስም ያላቸው ከጰራቅሊጦስ በኋላ ባለው እሑድ፣ በቅዱሳን ሁሉ ቀን ያከብራሉ። የፊቪ ቀን ሴፕቴምበር 3 ነው፤ በእኛ ነሐሴ 28።

ልጃችን በጥር ተወለደች። እዚህ ልደት በ10 ቀን ውስጥ ይመዘገባል፤ ስሙ ግን የዚያኑ ዕለት የግድ አይደለም፤ በኋላ በሁለቱም ወላጆች ቃል ሊሞላ ይችላል። ብዙ ግሪኮች እስከ ጥምቀት ድረስ ሕፃኗን «ቤባ» እያሉ ይቆያሉ። እኛ ወስነን ስለነበር ወዲያው አስመዘገብን። ወረቀቱ ሲሰጠን ግን ስሟ አንድ ቦታ ላይ «ፊቪስ» ይላል። ደነገጥኩ፤ ተሳሳቱ ብዬ ልመለስ ስል ያያን ደወልኩላቸው። «የፊቪ» ለማለት ነው፤ በግሪክኛ የሴት ስም አገናዛቢ ሲሆን «ስ» ይጨመርበታል፤ የእኛ «የ» ከፊት እንደምትመጣው የእነሱ ከኋላ ትመጣለች። ስሟ በትክክል የተጻፈበትን መስመር አሳዩኝ። እናንተም ወረቀቱን ስትቀበሉ መነሻ ስሙ የተሞላበትን መስመር ፈልጋችሁ እሱን ፊደል በፊደል አጣሩ።

የላቲኑ አጻጻፍ ግን በእርግጥ አስቸግሮናል። ግሪክ አገር ስም ወደ ላቲን የሚገለበጥበት ደንብ አለ፤ ኦሚክሮንና ዮታን «ኦ» እና «አይ» ተብለው በሚጠሩት የላቲን ፊደላት ይጽፋል፤ ድምፁን ሳይሆን ፊደሉን ነው የሚከተለው። አዲስ አበባ ያለው ወንድሜ የልደት ወረቀቷን ትርጉም አንብቦ «ፎይቪ ምን ማለት ነው?» ብሎ ደወለልኝ። አልፈረድኩበትም፤ የተጻፈው እንደዚያ ነው። ስለዚህ ሁለት ነገር አደረግን። በላቲን ፊደል በሁሉም ወረቀቷ ላይ አንድ ዓይነት ብቻ እንዲሆን፣ ምንም ባይጥመንም በደንቡ ጸናን፤ የፊደል ልዩነት በኋላ ልጅን ከአንድ መሥሪያ ቤት ወደ ሌላው ያንከራትታልና። በአማርኛ ደግሞ ሰው ከላቲኑ እንዲገለብጥልን ሳንጠብቅ፣ ራሳችን ቀድመን «ፌቨን» ብለን ጻፍን። በሰማንያኛው ቀን ክርስትና ስትነሣም ለቄሱ የሰጠናቸው የቤት ስሟ ይኸው ነበር።

ባለፈው ነሐሴ 28 ለመጀመሪያ የስሟ ቀን ወደ ክንክራኦስ ወሰድናት። ከአቴንስ 80 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ቆሮንቶስ አጠገብ ነው፤ ዛሬ ኬክሪዬስ ይሉታል። የጥንቱ ወደብ ድንጋዮች ግማሾቹ ውኃው ውስጥ ናቸው፤ ባሕሩ ጸጥ ሲል ከላይ ይታያሉ። ያያ ጉልበታቸው ስላልፈቀደ አልመጡም፤ በስልክ ደወሉ። «ክሮኒያ ፖላ» አሉ፤ ብዙ ዓመታት እንደ ማለት። ስልኩን ልጅቱ ጆሮ ላይ ሳደርገው «ፊቪ!» ሲሏት በዓይኗ ትፈልጋቸው ጀመር። እኔም ከበላይ ሆኜ «ፊቪ» አልኳት።

«‹ፊ› ላይ ጫን በይ» አሉኝ ያያ ከስልኩ ውስጥ። ደግሜ ጠራኋት። «አሁን ሆነ» አሉ።